ዳኛው ያነበበውን ተከሳሹም ያንብብ

ዲሲፕሊን ለጦር ሠራዊትም ሆነ ለፖሊስ ኃይል የሕልውናው መሠረት ነው። ትእዛዝ የማይከበርበት፣ ጥፋተኛም የማይቀጣበት ኃይል የታጠቀ መንጋ እንጂ ሠራዊት ሊባል አይችልም። ይሁንና ቅጣቱ በእውነተኛው ጥፋተኛ ላይ ማረፉ በምን ይረጋገጣል? ለዚህ ጥያቄ መልስ የሚሰጥ አንድ ጉዳይ በሩቅ ምሥራቅ፣ ዛሬ የማሌዥያ አካል በሆነችው በማላያ ፌዴሬሽን ተፈጽሟል።

ኢንስፔክተር ካንዳ እ.ኤ.አ. በ1951 በፖሊስነት ተቀጥሮ በ1953 የኢንስፔክተርነት ማዕረግ ያገኘ ሰው ነበር። ከጥቂት ዓመታት በኋላ አንድ አጣሪ ቦርድ ባቀረበው ሪፖርት ውስጥ ስሙን ክፉኛ የሚያጎድፍ ቃል ሰፈረ። ቀጥሎም በዲሲፕሊን ተከሰሰ። ጉዳዩን እንዲዳኝ የተመደበው መኮንን የሪፖርቱ ቅጂ አስቀድሞ ደርሶት ነበር፤ ለተከሳሹ ግን አልተሰጠውም። ካንዳ ጥፋተኛ ተባለ፤ ጁላይ 7 ቀን 1958 በፖሊስ ኮሚሽነሩ ትእዛዝ ከሥራ ተሰናበተ።

አንባቢ ሆይ፣ ራስህን በዚህ ሰው ቦታ አቁመህ ተመልከት። የተነበበልህን ክስ ትመልሳለህ፤ የቀረበብህን ምስክር ትጠይቃለህ። ዋናው ከሳሽህ ግን በዳኛው ጠረጴዛ ላይ የተቀመጠው፣ አንተ ያላየኸው ወረቀት ነው። እንጀራህ፣ ማዕረግህና የልጆችህ ስም የተንጠለጠለው በእርሱ ላይ ነው።

ካንዳ ፍርድ ቤት ሄደ። በከፍተኛው ፍርድ ቤት ረታ፤ በይግባኝ ተረታ። በመጨረሻም ነገሩ በዚያን ጊዜ የማላያ የመጨረሻ ይግባኝ ይታይበት ወደ ነበረው፣ ለንደን ወደሚያስችለው ፕሪቪ ካውንስል ደረሰ። ካውንስሉ በ1962 በሎርድ ዴኒንግ በኩል በሰጠው ፍርድ ስንብቱን በሁለት ምክንያት ሻረው። አንደኛ፣ ከነጻነት በኋላ የወጣው ሕገ መንግሥት ኢንስፔክተርን የመሾምና የመሻር ሥልጣን ለፖሊስ አገልግሎት ኮሚሽን ስለ ሰጠ፣ ኮሚሽነሩ ሥልጣን አልነበረውም። ሁለተኛ፣ ተከሳሹ ሪፖርቱን ሳያይ የመሰማት መብቱ ተጠብቆለታል ሊባል አይቻልም።

ፍርዱ ካንዳ ንጹሕ ነው አላለም። ሪፖርቱ የዳኛውን አሳብ በእርግጥ ለውጦ እንደ ሆነም አልመረመረም፤ ሊለውጥ መቻሉ ብቻ በቂ ነው አለ።

ይህ አሳብ ለእኛ እንግዳ አይደለም። አባቶቻችን በበላ ልበልሃ ሙግት ከሳሽና ተከሳሽ በዳኛ ፊት ጎን ለጎን ቆመው፣ አንዱ ሲናገር ሌላው እየሰማ እንዲከራከሩ ያደርጉ ነበር። በጆሮ የሚንሾካሾክ ክስ መልስ የለውምና።

አንዳንድ አለቆች «ምሥጢር ይባክናል፤ የጠቋሚም ሕይወት ለአደጋ ይጋለጣል» ይሉ ይሆናል። ሥጋቱ ከንቱ አይደለም። መፍትሔው ግን ቀላል ነው፤ ለተከሳሹ ሊገለጽ የማይችል ወረቀት ለዳኛውም አይቅረብ። ምሥጢሩ ይጠበቅ፤ ፍርዱ ግን በግልጽ በቀረበው ማስረጃ ላይ ብቻ ይመሥረት።

በትክክል የተፈረደበት ሰው ቅጣቱን ይቀበላል፤ ባልደረቦቹም ይማሩበታል። በስውር ወረቀት የተባረረ ግን ቂም ይዞ ይወጣል፤ የቀሩትም አለቃቸውን ይፈራሉ እንጂ አያከብሩም። በገዛ ቤቱ ፍትሕን ያየ ፖሊስ ደግሞ ከፊቱ ለሚቆመው የከተማ ነዋሪ ፍትሕን መንፈግ ይከብደዋል። እውነተኛ ዲሲፕሊን የሚጸናው እንዲህ ነው።