ሬድ ቼሪው በስንት ተሸጠ? ቡናችን ከዛፉ እስከ ሲልቨር ስፕሪንግ

ባለፈው ስለ ዶላር ምንዛሪ ካወራን በኋላ ብዙዎቻችሁ አንድ ጥያቄ ጠይቃችሁናል። «ቡና በዓለም ገበያ ጣራ ነካ እየተባለ፣ አገር ቤት ያለው ገበሬ ኑሮው ለምን አልተለወጠም?» የሚል ነው። ዛሬ እሱን እንመልሳለን። እኛ ታክሲ ነጂዎች እንጂ ኢኮኖሚስቶች አይደለንም። ግን ሜትር ሲቆጥር እያየን ለኖርን ሰዎች ይሄ ሂሳብ አይከብድም።

ከፍሬው እንጀምር። እዚህ አሜሪካ ቼሪ ሲባል በጁንና በጁላይ ሱፐርማርኬቱን የሚሞላው ቀይ ፍሬ ነው። አገር ቤት ግን የቡና ነጋዴ «ሬድ ቼሪ» የሚለው ከዛፉ የተለቀመውን ቀይ እሸት ቡና ነው። ሁለቱም አንድ ጠባይ አላቸው፤ አይቆዩም። እሸት ቡና በተለቀመበት ቀን ማጠቢያ ጣቢያ ካልደረሰ መብላላት ይጀምራል፣ ጣዕሙም ይበላሻል። ስለዚህ ገበሬው ጆንያውን ተሸክሞ ጣቢያው በር ላይ ከቆመ በኋላ «ዋጋው አልተስማማኝም፣ ነገ እመለሳለሁ» ማለት አይችልም። ያለው አማራጭ ፍሬውን አድርቆ ጀንፈል ማድረግና ማስቀመጥ ነው። ለዚያ ደግሞ እስኪሸጥ ድረስ ቤቱን የሚያኖርበት ገንዘብ እጁ ላይ ሊኖር ይገባል። ይህችን ነጥብ ያዙልን፣ መጨረሻ ላይ እንመለስባታለን።

አንዷ ከረጢት ስትመነዘር

አንድ ኪሎ የታጠበ ጥሬ ቡና ለማግኘት 6 ኪሎ ያህል ቀይ እሸት ያስፈልጋል። ጥሬው ሲቆላ ደግሞ ከክብደቱ 15 በመቶ ገደማ ይቀንሳል። እንግዲህ ጆርጂያ አቬኑ ላይ ከሐበሻ ሱቅ የምንገዛት አንድ ፓውንድ የተቆላ ቡና ውስጥ ከ3 ኪሎ በላይ ቀይ እሸት አለ ማለት ነው።

በ2017 በጀት ዓመት ኢትዮጵያ ወደ 469 ሺህ ቶን ቡና ልካ 2.65 ቢሊዮን ዶላር ገደማ አግኝታለች። ሲካፈል ኪሎው 5 ዶላር ከ65 ሳንቲም ይመጣል። ለፓውንዷ ከረጢት ወደ 535 ግራም ጥሬ ቡና ስለሚገባ፣ በዚህ አማካይ ዋጋ አገራችን የምታገኘው 3 ዶላር ገደማ ነው። ከረጢቷን በ18 ዶላር ገዛናት እንበል። 15ቱ ዶላር የማጓጓዣው፣ የአስመጪው፣ የሚቆላው ድርጅትና የሱቁ ነው። የቀሩትን 3 ዶላር ደግሞ ገበሬው፣ ሰብሳቢው፣ ማጠቢያ ጣቢያው፣ አቅራቢውና ላኪው ይካፈሏቸዋል።

እየከሰሩ መላክ ምን ይባላል?

ለብዙ ዓመታት ላኪው ቡናን ከአገር ውስጥ በውድ ገዝቶ ወደ ውጭ በርካሽ ይሸጥ ነበር። አብዶ አይደለም። የፈለገው ዶላሩን ነው። ለምሳሌ እንዲሆነን ቁጥር እንውሰድ። ላኪው ለአንድ ኪሎ ቡና በጠቅላላው 330 ብር አወጣ እንበል፤ በ4 ዶላር ተኩል ሸጠው። የባንክ ምንዛሪው 57 ብር በነበረበት ጊዜ ይሄ 257 ብር አይሞላም። ከ73 ብር በላይ ከሰረ። ነገር ግን በዚያው ዶላር ጎማ ወይም ቆርቆሮ አስመጥቶ፣ ዶላሩን በጥቁር ገበያ ሂሳብ በ100 ብር አስቦ ሸጠው። 450 ብር ሆነለት። ኪሳራው ተሸፍኖ 120 ብር ተረፈው። ከዶላሩ ለላኪው የሚቀርለት ድርሻ በየመመሪያው ከፍ ዝቅ ይል ስለነበር ትርፉ ይለያያል፤ መንገዱ ግን ይሄው ነው።

ታዲያ የቡናውን ኪሳራ ማን ከፈለው? አዲስ አበባ ላይ ጎማ የገዛው የሚኒባስ ሹፌር፣ ለጎጆዋ ቆርቆሮ የገዛችው እናት ናቸው። ቡና ብቻ የሚነግደው ሐቀኛ ላኪ ደግሞ በዚህ ውድድር ከገበያ ይወጣል። የውጭ ገዢውም ርካሽ ዋጋ ይለምዳል። የቡናና ሻይ ባለሥልጣን ዝቅተኛ የመላኪያ ዋጋ እስከማውጣት የደረሰውም አለምክንያት አይደለም።

ምንዛሪው ከተለቀቀ ወዲህ

ሐምሌ 22 ቀን 2016 ብር ለገበያ ተለቀቀ። የባንኩና የጥቁር ገበያው ልዩነት ሲጠብ፣ እየከሰሩ የመላክ ጥቅሙም ቀነሰ። ይሄ መልካም ነው። ግን ቁጥሩን አብረን እንየው። በ2016 የተላከው ወደ 298 ሺህ ቶን፣ የተገኘው 1.43 ቢሊዮን ዶላር ነበር። ኪሎው 4 ዶላር ከ80 ሳንቲም ገደማ ማለት ነው። በዓመቱ ክብደቱ ከግማሽ በላይ ሲጨምር የኪሎው ዋጋ የጨመረው 18 በመቶ ያህል ብቻ ነው። በዚያው ጊዜ የኒው ዮርክ የአረቢካ ዋጋ በ2024 መጀመሪያ ከነበረበት 2 ዶላር ገደማ ተነስቶ፣ በፌብሩዋሪ 2025 በፓውንድ ከ4 ዶላር በላይ ወጥቷል። አስቀድሞ የተፈረመ ውል አለ፣ ቡናው ሁሉም አንደኛ ደረጃ አይደለም፤ ይገባናል። ሆኖም ገቢው በአብዛኛው ያደገው በዋጋ ሳይሆን በብዛት መሆኑን መሸፋፈን የለብንም።

እዚህ ያለው የሱቅ ዋጋ ሲጨምር ደግሞ ጭማሪው ሁሉ ለገበሬው አይሄድም። በኤፕሪል 2025 ከኢትዮጵያ በሚገባ ዕቃ ላይ 10 በመቶ ቀረጥ ተጥሎ፣ ለቡና የተነሳው በኖቬምበር ነው። ያ ገንዘብ የገባው ወደ አሜሪካ ግምጃ ቤት ነው።

ከአሌክሳንድሪያ የተገኘ ትምህርት

ከኪንግ ስትሪት ሜትሮ ብዙም ሳይርቅ የአሜሪካ የፓተንትና የንግድ ምልክት ቢሮ አለ። ስንቶቻችን ተሳፋሪ አውርደንበታል! ኢትዮጵያ በ2005 ይርጋጨፌ፣ ሐረርና ሲዳሞ የሚሉትን ስሞች በንግድ ምልክትነት ለማስመዝገብ ያመለከተችው ለዚህ ቢሮ ነው። የአሜሪካ ቡና ነጋዴዎች ማኅበር ተቃወመ፣ ከስታርባክስ ጋርም ትልቅ ክርክር ሆነ። በመጨረሻ በ2007 ስታርባክስ ከኢትዮጵያ ጋር ስምምነት ፈረመ። ትምህርቱ ግልጽ ነው፤ ስምም ይሸጣል። ስሙን ያልያዘ የሚሸጠው ክብደት ብቻ ነው።

ታዲያ እኛ ምን እናድርግ? ሁለት ነገር እንላለን። አንደኛ፣ ቡና ስንገዛ የት አካባቢ እንደበቀለ፣ የየትኛው ዓመት ምርት እንደሆነ፣ ማን እንዳስመጣው እንጠይቅ። የማይጠየቅ ሻጭ አይነግርም። ሁለተኛ፣ ቅድም ያዙልን ያልናችሁ ነጥብ። ቡና ያለው ቤተሰብ ካላችሁ ገንዘብ የምትልኩበትን ወር አስቡበት። ክረምቱ ለብዙ ቡና አምራች ቤት የችግር ጊዜ ነው፤ እጅ ሲያጥር ፍሬው ገና ሳይቀላ በርካሽ ይሸጣል። ለገና የምንልከውን ነሐሴ ላይ ብንልከው፣ ገበሬው ለቀማው ሲደርስ የሚሸጠውን ሸጦ፣ የቀረውን አድርቆ ለማቆየት አቅም ያገኛል።

የላካችሁት ገንዘብ ለወገናችሁ «አልሸጥም» የማለት ጉልበት ይሁነው። በሚቀጥለው እስክንገናኝ፣ ቸር ወሬ ያሰማን!