ጠግቦ የተራበው ጌኮ
ከእንሽላሊት ወገን የሆነውና ቆዳው እንደ ነብር የተዝጎረጎረው ጌኮ አገሩ አፍጋኒስታን፣ ፓኪስታንና ሰሜን ምዕራብ ህንድ ነው። ቀን በድንጋይ ሥር ተሸሽጎ ይውላል፤ ሲመሽ ወጥቶ ፌንጣ፣ ጥንዚዛ፣ ሸረሪት፣ አልፎ አልፎም ጊንጥ ያድናል። ከበላው የተረፈውን በጅራቱ ስብ አድርጎ ያኖራል፤ ምግብ ሲጠፋ ከዚያ ይቀለባል።

ዛሬ ይህ ፍጡር በብዙ አገሮች በቤት ውስጥ፣ በመስታወት ሳጥን ይያዛል። እዚያ ግን መርጦ አያድንም፤ የሚበላው የሰጡትን ብቻ ነው። ብዙ ጊዜ የሚሰጡት ፌንጣና የዱቄት ትል ደግሞ ካልሲየማቸው ጥቂት ነው። ይህን ብቻ ሲበላ የከረመ ጌኮ አጥንቱ ይለሰልሳል፤ እግሩ ይጎብጣል፤ እስከ ሞትም ሊደርስ ይችላል። ሆዱ ጠግቦ ሳለ አካሉ ተርቧል ማለት ነው።

መፍትሔው ከባድ አይደለም። ነፍሳቱን አንድ ቀን ቀደም ብሎ ካሮትና ቅጠላ ቅጠል መመገብ፣ ሊሰጡት ሲሉም የካልሲየምና የቫይታሚን ዲ3 ዱቄት መነስነስ፣ ዓይነታቸውንም መለዋወጥ ነው።

እንስሳን ከሜዳው አምጥተን ስንዘጋበት ሲሳዩን የሚፈልግበትን መንገድም ዘግተንበታል። ከዚያ ወዲያ በእጃችን ያለ አማና ነው።