የአንድ ቀን ዕረፍት፤ ከዘንገና ሐይቅ እስከ ባላገር ቤት

በከተማ የሚኖር ባለ ሥራ ሰው ሳምንቱን ሁሉ ከጽሕፈት ጠረጴዛው ሳይነሣ ውሎ፥ የዕረፍት ቀን ሲደርስ ደግሞ ቤቱን ዘግቶ በመተኛት ብቻ ቢያሳልፈው አካሉ ዐረፈ እንጂ አሳቡ ዐረፈ ለማለት አይቻልም። ልጆቹም እንዲሁ ናቸው፤ በየቀኑ የሚበሉት እንጀራ ከሱቅ የሚበቅል እየመሰላቸው ያድጋሉ። ስለዚህ አባትና እናት ልጆቻቸውን ይዘው የውሃ ዳር ዕረፍትንና የባላገርን ኑሮ በአንድ ቀን አንድነት ሊያገኙበት የሚችሉትን የምዕራብ ጎጃምን መንገድ በዛሬው የቤተ ሰብ ገጻችን ልንገልጽ ወደድን። ነገር ግን መንገዱን ከማሳየት ይልቅ እንግዳ የሆነ ሰው ለተቀበለው ቤት ያለበትን ዕዳ ማሳየት የሚበልጥ ሆኖ ስለ ታየን፥ የጽሕፈታችን ፍጻሜ ወደዚያ ያዘነብላል።

የጕዞው መነሻ ፍኖተ ሰላም ናት። ይህች ከተማ ቀድሞ ወጀት ትባል ነበር፤ የዛሬው ስሟ ግእዝ ሲሆን ትርጓሜው የሰላም መንገድ ማለት ነው። ከአዲስ አበባ ተነሥቶ ዐባይን ተሻግሮ በደብረ ማርቆስና በደምበጫ በኩል ወደ ባሕር ዳር የሚሄደው ትልቁ ጐዳና በመካከልዋ ያልፋል። ከእርስዋ ወደ ቡሬ ሲኬድ ማንኩሳ በመንገድ ላይ ትገኛለች፤ ይህችም በ1958 ዓ.ም. የታተመው የክቡር ሐዲስ ዓለማየሁ «ፍቅር እስከ መቃብር» ታሪኩን የሚጀምርባት አገር ስለ ሆነች፥ መጽሐፉን ያነበበ ሰው ሁሉ በስም ያውቃታል። ቡሬ የመንገድ መገናኛ ናት፤ አንዱ ጐዳና ወደ እንጅባራ ሲወጣ ሁለተኛው ዐባይን ተሻግሮ ወደ ነቀምት ይሄዳል። በወረራው ዘመን ኢጣልያኖች በቡሬ ጽኑ ምሽግ ሠርተው ነበር፤ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ከስደት በጎጃም በኩል ሲመለሱ የጠላት ጦር በየካቲት 1933 ዓ.ም. ምሽጉን ለቆ ሄደ። አባት ይህን ታሪክ በቦታው ቆሞ ለልጆቹ ቢነግራቸው በትምህርት ቤት ከሚሰሙት ይልቅ በልባቸው ይቀራል።

እዚህ ላይ ሳንናገር ልናልፈው የማይገባን ነገር አለ። በ2015 ዓ.ም. መጨረሻ በአማራ ክልል ከተነሣው ውጊያ ወዲህ ይህ ጐዳና ለቤተ ሰብ ጕዞ ያልተመቸበት ጊዜ ብዙ ነው፤ የሰላም መንገድ የተባለችው ከተማ ራስዋ በነሐሴ 2015 ዓ.ም. የሰላማዊ ሰዎች ሕይወት የጠፋባት ሆናለች። ስለዚህ ማንም የቤተ ሰብ አለቃ መንገዱ ደኅና መሆኑን ከአገሩ ሰዎች ጠይቆ ሳይረዳ ልጆቹን ይዞ እንዳይነሣ እናሳስባለን። ሰላም በሆነበት ወራት ግን ጥቅምትና ኅዳር የተመረጡ ናቸው፤ ዝናሙ አልፎ መሬቱ ይደርቃል፥ እሸቱም ይደርሳል።

ከፍኖተ ሰላም ማለዳ የተነሣ ሰው ቡሬን አልፎ በቲሊሊ በኩል ሲወጣ አየሩ እየቀዘቀዘ፥ አገሩም እየለመለመ ይሄዳል። እንጅባራ ከመድረሱ ጥቂት ቀደም ብሎ፥ ከጐዳናው ጥቂት እንደ ተገለለ፥ የዘንገና ሐይቅ አለ። ይህ ስፍራ ከምዕራብ ጎጃም ወሰን አልፎ በአዊ ምድር በባንጃ ወረዳ የሚገኝ ነው። ሐይቁ በጥንት ዘመን እሳተ ገሞራ ፈንድቶ በተወው ጕድጓድ ውስጥ የተጠራቀመ ውሃ ሲሆን፥ ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 2,500 ሜትር ከፍታ ላይ ይገኛል። ክብ ነው፤ ዙሪያውን ደን ከብቦታል፥ በደኑም ውስጥ ወፎችና ጦጣዎች ይኖራሉ። መልኩ ሲያዩት ጸጥ ያለ ቢመስልም ጥልቀቱ ከ150 ሜትር የሚበልጥ ስለ ሆነ፥ ከኢትዮጵያ ጥልቅ ሐይቆች አንዱ ነው።

እንዲህ ያለ ውሃ ለዓይን ዕረፍት እንጂ ለድፍረት የተሰጠ አይደለም። የጕድጓዱ ግድግዳ ከዳር ጀምሮ ቍልቍል የሚወርድ ስለ ሆነ ልጆች ብቻቸውን ወደ ውሃው እንዲቀርቡ መፍቀድ አይገባም፤ ዋና የሚያውቅም ቢሆን በችሎታው አይመካ። ከዛፍ ጥላ በታች ምንጣፍ ዘርግቶ መቀመጥ፥ የወፎችን ድምፅ መስማት፥ ነፋሱን መቀበል ይበቃል። የምግብ ትራፊና የላስቲክ ዕቃ ግን ከቶ በዚያ አይጣል። ሐይቁ በግድግዳ የተከበበ ስለ ሆነ ዛሬ ከዳሩ የተጣለው ነገር የልጅ ልጆቻችን በመጡ ጊዜ በዚያው ሊገኝ ይችላል።

ጊዜ የተረፈው ሰው ወደ እንጅባራ አለፍ ብሎ ከቀርከሃ የሚሠራውን ወንበርና ቅርጫት ሊገዛ ይችላል። ጕዞውም በጥር ወር ቢውል፥ የአገው ፈረሰኞች ማኅበር በየዓመቱ ጥር 23 ቀን በእንጅባራ በሚያከብረው በዓል የተሸለሙ ፈረሶችን ለማየት ይታደላል።

ከቀትር በኋላ ወደ ቡሬ ተመልሶ ወደ ባላገር መንደር መግባት የቀኑ ሁለተኛ ክፍል ነው። በቡሬና በጃቢ ጠህናን አገር ዓይን የሚሞላው አዝመራ በቆሎና በርበሬ ነው። እነዚህ ሁለቱ በእኛ ጓሮ የተፈጠሩ ይመስሉናል እንጂ የጥንት አገራቸው ከውቅያኖስ ማዶ ያለው የሜክሲኮ ምድር ነው። በዚያም ጥንት በቆሎን አክብሮ ሲያርስ የኖረው የማያ ሕዝብ ዛሬም በሕይወት አለ፥ በቋንቋውም ይናገራል። በዚሁ ሕዝብ አገር፥ በካሪብያን ባሕር ዳር፥ ኮስታ ማያ የሚባል የመርከብ ወደብ በ1993 ዓ.ም. ተከፍቷል። ትልልቅ መርከቦች ጧት ደርሰው ብዙ ሺሕ ተጓዦች ያወርዳሉ፤ ተጓዦቹም አንዳንዶቹ ባካላር በተባለው ውብ ሐይቅ ሲያርፉ፥ አንዳንዶቹ ወደ ማያ መንደር ገብተው የቤቱን ሥርዐትና የበቆሎውን ቂጣ ያያሉ፤ ማታ መርከቡ ይዟቸው ይሄዳል። በባካላር ዳር ድንጋይ የሚመስሉ ነገር ግን ሕይወት ያላቸው የረቂቃን ፍጥረታት ክምችቶች ስላሉ፥ እንግዶች እንዳይረግጧቸውና እንዳይነኳቸው ይነገራቸዋል። ድንጋዩ እንዳይረገጥ ይህን ያህል ከተጠነቀቁለት፥ የመንደሩ ሰው ክብር እንዳይረገጥ ምን ያህል መጠንቀቅ ይገባ ይሆን?

ጥያቄው የእኛም ነው። የጎጃም ባላገር እንግዳን ለመቀበል ከማንም አያንስም። «የእግዜር እንግዳ ነን» ያለውን ሰው «ቤት ለእንግዳ» ብሎ ተነሥቶ ያስገባል፤ እግሩን ያስታጥባል፥ ያለውን ያቀርባል። ልጆችም በዚያ ቤት የሚማሩት ብዙ ነው። ጎተራው ለምን ከመሬት ከፍ ተደርጎ እንደሚቆም፥ ሞፈርና ቀንበር በምን እንደሚያያዙ፥ እናቲቱ ምጣዱን አስምታ እንጀራውን ስትጋግር፥ ከዳጉሳ የሚጠመቀው ጠላ ስንት ቀን እንደሚፈጅ በዓይናቸው ያያሉ። ከዚህም ሁሉ የሚበልጠው የወንፈል ሥርዐት ነው፤ ዛሬ ጎረቤቶች መጥተው ያንዱን እርሻ አርሰውለት ይውላሉ፥ ነገ እርሱ ተራውን ለእነርሱ ይውላል። የተቀበለውን ቀን የማይመልስ ሰው በወንፈል ውስጥ አይኖርም።

እንግዳ የሆነም ሰው ሊጠብቀው የሚገባው ሥርዐት አለ። አስቀድሞ በሚያውቀው ሰው በኩል ልኮ ፈቃድ ሳይጠይቅ ወደ ሰው ቤት መግባት አይገባም። የጾም ቀን ከሆነ ቅቤና ወተት አይፈልግ። ፎቶግራፍ ለማንሣት ሲወድ አባትና እናትን ያስፈቅድ፤ ሥራ ላይ ያለን ሰው ለሥዕል ሲል አያቁመው። ለሕፃናት በመንገድ ላይ ሳንቲም መበተን ፍጹም የተነቀፈ ነው፤ ዛሬ ሳንቲም ያገኘ እረኛ ነገ ከብቱንና ትምህርቱን ትቶ መኪና ሲጠብቅ ይውላልና። ስጦታ መስጠት የሚወድ ቡናና ስኳር ይዞ በእመቤቲቱ እጅ ያኑር፤ ደብተርና እርሳስ ቢያመጣ ለትምህርት ቤቱ ይስጥ። ማርና በርበሬ፥ ሰፌድና መሶብ ሲገዛም የብዙ ቀን ድካም መሆኑን ዐስቦ በዋጋ አይከራከር።

ከጥቂት ዓመታት በፊት እኛ ከወዳጆቻችን ጋራ በቡሬ አጠገብ ወዳለ አንድ መንደር ሄደን ነበር። አንዲት በዕድሜ የገፉ እናት ተቀበሉን፤ ከቀፎ የወጣ ማር ሳይቀር አቀረቡልን። ስንነሣ ከእኛ ጋራ የነበረ አንድ ባለ ሥራ ገንዘብ ቢዘረጋላቸው እጃቸውን ሰበሰቡና «ልጄ፥ ቤቴን መሸጫ አላደርገውም» አሉት። ጥቂት ዝም ብለው ደግሞ «መመለስ ከወደድህ ግን እኔ የምፈልገውን ልንገርህ» አሉ። ልጃቸው ስለ አንድ የእርሻ ወሰን ጕዳይ ወደ አንድ ጽሕፈት ቤት ብዙ ጊዜ ተመላልሶ መልስ አጥቶ ተመልሷል። «እናንተ ስትመጡ እኔ ደጅ አላስጠናኋችሁም፤ እኛ ስንመጣ ደጅ አታስጥኑን» ብለው ነገሩን ጨረሱ። ከመካከላችን መልስ የነበረው አልተገኘም።

ይህ ቃል በሥልጣን ወንበር ለተቀመጠ ሁሉ የሚገባ ነው። በጥንት ዘመን መኳንንትና ወታደር በመንገድ ሲያልፉ ባላገሩ መስተንግዶ የማቅረብ ግዴታ ነበረበት፤ የሐዲስ ዓለማየሁም መጽሐፍ ፊታውራሪ መሸሻ ከባላገሮቻቸው ጋራ ስለ መስተንግዶና ስለ ግብር የደረሰባቸውን ጠብ ያሳያል። በ1960 ዓ.ም. የእርሻ ገቢ ግብር ሕግ በወጣ ጊዜም የጎጃም ባላገር መሬቴ ሊለካ ነው በማለት ተነሥቶ ነበር። እንግዲህ መኪና ወደ መንደር ሲገባ ሽማግሌው መጀመሪያ በዝምታ የሚመለከተው ክፋት ይዞት ሳይሆን፥ ከከተማ የሚመጣ ሰው ብዙ ጊዜ ወሳጅ ሆኖ ስላገኘው ነው። ያም ሆኖ እንግዳነቱን ካወቀ በኋላ በሩን ይከፍታል።

ስለዚህ የአንድ ቀን ዕረፍት በእውነት የሚፈጸመው ማታ ወደ ቤት በተመለሱ ጊዜ አይደለም። ባላገሩ በተራው በሽተኛ ይዞ ወደ ሐኪም ቤት፥ ልጁን ይዞ ወደ ትምህርት ቤት፥ አቤቱታውን ይዞ ወደ ጽሕፈት ቤት በመጣ ቀን ነው። በዚያን ቀን እንግዳ የነበረው ሰው ከወንበሩ ተነሥቶ «ቤት ለእንግዳ» ብሎ ቢቀበለው፥ ጕዳዩንም ያለ ምልልስ እንደ ሕጉ ቢፈጽምለት፥ የበላውን ማር መለሰ ማለት ነው። ይህም ለማያውቀው ባላገር ሁሉ ሊደረግ የሚገባው ስለ ሆነ አድልዎ አይባልም።

አባቶችና እናቶች ሆይ፥ ልጆቻችሁን ወደ ዘንገና ውሰዱ፥ ከባላገሩም ገበታ አስቀምጡ። የገቡበትን ቤት ስምና የዋሉበትን ቀን በደብተራቸው እንዲጽፉ አድርጉ፤ አድገው ወንበር በያዙ ጊዜ የወንፈላቸው ተራ መሆኑን እንዳይረሱ።