እጮኛዬ በሰርጋችን ገንዘብ ካሜራ ልግዛ አለኝ!

እኔና እጮኛዬ የቁይ ልጆች ነን። እሱ ባሕር አይቶ አያውቅም፤ ልቡን የሰጠው ግን ለባሕር ነው። ይገርማል አይደል?

ነገሩ የጀመረው ቢቢሲ እ.ኤ.አ. በ2017 ያሳየውን «ብሉ ፕላኔት 2» የተሰኘ ተከታታይ ፊልም በስልኩ ካየ ወዲህ ነው። «ነይማ እዪ!» ብሎ አንዱን ክፍል አሳየኝ። በብራዚል ጠረፍ ባሕሩ ሸሸት ሲል ሸርጣኖች ምግብ ፍለጋ ከድንጋይ ድንጋይ ይዘላሉ። ከሥር ደግሞ እባብ መሳይ ዓሣ አድፍጦ ይጠብቃቸዋል። እኔ «ጉድ ነው!» ብዬ ተውኩት። እሱ ግን አልተወውም።

«ባሕር በጨረቃና በፀሐይ ስበት ይሞላል፣ ይጎድላል» አለኝ። «በአብዛኛው ጠረፍ በቀን ሁለት ሁለት ጊዜ ነው። ሰዓቱም በየቀኑ ወደ 50 ደቂቃ ይዘገያል። ይህን የማያውቅ ቀራጭ ወይ ካሜራውን ውሃ ይወስድበታል፣ ወይ ባዶ አለት ቀርጾ ይመለሳል። ያ ፊልም እኮ 4 ዓመትና 125 ጉዞ ፈጅቷል!»

ይሁን፣ ማየቱን ይይ። አንድ ቀን ግን «ለድግሱ ካጠራቀምነው ካሜራ ልግዛ» አይለኝ መሰላችሁ! እናቴ ሰምታ «ባሕር በሌለበት አገር የባሕር ፊልም? ይኼ ልጅ ደህና ነው?» አለች። እኔም ቀለበቱን አውልቄ ልሰጠው ምንም አልቀረኝም።

«አንድ ቀን ብቻ አብረሽኝ ጮቄ ውጪ፤ ከዚያ የፈለግሽውን ወስኚ» ሲል ለመነኝ። ወጣን። ጮቄ ከ4,000 ሜትር በላይ ነውና ማለዳው ውርጭ ነበር፤ ረፋዱ ላይ ፀሐይ አቃጠለን። እሱ አንድ ጅባራ ፊት ስልኩን ደቅኖ ሦስት ሰዓት ሙሉ ንቅንቅ አላለም።

«ጅባራ ብዙ ዓመት ኖሮ አንዴ ብቻ አብቦ ይሞታል» አለኝ። «ቀይ ቀበሮም እዚህ ነበር፤ ዛሬ ከጮቄ ጠፍቷል። የሰሜን ተራሮችን ጭላዳ ቢቢሲ መጥቶ እ.ኤ.አ. በ2006 ለዓለም አሳየ። የጮቄን ማን ይምጣለት?»

«ባሕሩስ?» አልኩት።

«ባሕሩ ይቆየኝ። መጀመሪያ የተፈጥሮን ሰዓት መጠበቅ እዚሁ ልማር።»

እውነቱን ልንገራችሁ፣ ያን ቀን ልቤ ራራ። ግን ዝም ብዬ እሺ አላልኩም። ድንኳኑ ይነስ፣ የተጠሪው ቁጥር በግማሽ ይቀነስ፣ በተረፈው ካሜራ ይገዛ ብዬ ተስማማሁ። እሱም የወር ደመወዙን ሥራ ላይለቅ ቃል ገባልኝ። ሁለታችንም ጽፈን ፈረምን።

እህቶቼ፣ እጮኛችሁ እብደት የሚመስል ሕልም ቢነግራችሁ ቀለበት ለማውለቅ አትቸኩሉ። ሕልሙ ያለበት ቦታ ድረስ አንድ ቀን አብራችሁት ሂዱ። ከዚያ በኋላ ነው ሂሳቡ!

እናቴ ግን «ጎረቤት ምን ይለኛል?» ብላ እስከ ዛሬ አኩርፋለች። እሷን በምን ላስታርቃት? እስቲ ምከሩኝ።