ይግባኝ ባይ ከችሎት ሲቀር

ይግባኝ ባይ በቀጠሮው ዕለት ተጠርቶ ካልቀረበ፣ የሥር ፍርድ ቤት ተሳስቷል ሲል ያነሳው ቅሬታ ሳይመረመር መዝገቡ ሊዘጋ ይችላል። በ1958 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 69 ጉዳዩ በሚሰማበት ዕለት ሁለቱም ወገኖች ከቀሩ ይግባኙ እንዲዘጋ ያዛል። በወንጀልም ይግባኝ ባዩ ወይም ጠበቃው ካልቀረቡ ይግባኙ ይሰረዛል፤ መዝገቡ የሚንቀሳቀሰው የቀረው በራሱ ጥፋት እንዳልሆነ ካስረዳ ነው።

ለዚህ ጥብቅነት በቂ ምክንያት አለ። አፈጻጸም ለማሳገድ ብቻ ይግባኝ ብሎ የሚጠፋ ሰው ጥቂት አይደለም። የተፈረደለት ወገን ፍርዱን በእጁ ይዞ ፍርድ ቤት ሲመላለስ መኖር የለበትም።

ችግሩ ግን ክስና ይግባኝ ሲዘጉ ጉዳታቸው እኩል አለመሆኑ ነው። ሁለቱም ወገኖች ቀርተው ክስ የተዘጋበት ከሳሽ ይርጋ ካላገደው ዳኝነት ከፍሎ እንደገና ይከሳል። ይግባኝ ባይ ግን ያለው 60 ቀን ነው፤ መዝገቡ ሲዘጋ ያ ጊዜ አብዛኛውን ጊዜ አልፏል። ይግባኝ ማስፈቀጃ ቢጠይቅ ደግሞ አንቀጽ 326 የጠበቃ ወይም የወኪል ጥፋት በቂ ምክንያት አይሆንም ይለዋል። ከገጠር መጥቶ፣ ያለውን ሸጦ ጠበቃ ላቆመ ገበሬ ይህ እጅግ ከባድ ነው። ጠበቃው ቀጠሮ ሲረሳ መሬቱን የሚያጣው እሱ ነው።

ሥነ ሥርዓት ሕጋችን ብዙ የወሰደው ከ1908 እ.ኤ.አ. የህንድ ሕግ ነው። ህንዶች ግን የራሳቸውን አሻሽለውታል። ከ1976 እ.ኤ.አ. ወዲህ ይግባኝ ባይ በሌለበት መዝገብ መዝጋት ቢቻልም፣ በፍሬ ነገሩ ላይ መወሰን እንደማይቻል በግልጽ ተጽፏል። በ1981 እ.ኤ.አ. ደግሞ ጠቅላይ ፍርድ ቤታቸው ጠበቃው በመቅረቱ ይግባኙ የተዘጋበትን ባለጉዳይ መዝገብ መልሶ ከፍቷል፤ ምንም ያላጠፋ ሰው በጠበቃው ጥፋት መቀጣት የለበትም ብሎ።

እኛም ዘንድ አንቀጽ 326 በዚህ መንፈስ ቢሻሻል ተገቢ ነው። እስከዚያው ዳኞች ሕግ ሳይለወጥ ሊያደርጉት የሚችሉት ነገር አለ። ተከሳሽ ሲቀር ክርክሩ በሌለበት የሚቀጥለው መጥሪያ በአግባቡ እንደደረሰው ከተረጋገጠ በኋላ ነው። ቀጠሮ በተለወጠ ቁጥርም ይግባኝ ባዩ ራሱ አዲሱን ቀን ማወቁ፣ መዝገቡ ከመዘጋቱ በፊት እንዲሁ ይጣራ።