የእንጆሪ ማርማላታ ትርፍ ድስት ውስጥ ይተናል

የበሰለ እንጆሪ ያለ ማቀዝቀዣ ከሁለት ቀን በላይ እምብዛም አይቆይም። ሳይሸጥ ያደረውን ከመጣል ይልቅ ማርማላታ ሠርቶ ማሸግ ኪሳራውን ወደ ገቢ ይለውጣል። ይሁን እንጂ የውጭ አገር የአሠራር መመሪያን እንዳለ የሚከተል የአዲስ አበባ አምራች ትርፉን እሳት ላይ ያጣል።

መመሪያው ማርማላታው 104 ዲግሪ ሲደርስ ከእሳት ይውረድ ይላል። ይህ ውሃ በ100 ዲግሪ ለሚፈላበት ቆላ የተሰላ ነው። አዲስ አበባ ላይ ውሃ በ92 ዲግሪ ገደማ ስለሚፈላ 96 ወይም 97 ይበቃል። በስሌት ሲታይ ከ1 ኪሎ እንጆሪና ከ1 ኪሎ ስኳር 1 ኪሎ ከ600 ግራም ያህል ማርማላታ ይገኛል፤ 104 እስኪደርስ ከተጠበቀ ግን ወደ 1 ኪሎ ከ300 ሊወርድ ይችላል። ልዩነቱ በእንፋሎት የሄደ ሸቀጥ ነው።

በማሸጉ ላይ ግን ጊዜ አይቆጠብም። በባሕር ጠለል አካባቢ የታሸገውን ጠርሙስ 5 ደቂቃ መቀቀል ሲበቃ፣ በአዲስ አበባ ከፍታ 15 ደቂቃ ያስፈልጋል።

ለጣዕም ጠብ የምትደረገው ሊኬር ድስቱ ከወረደ በኋላ ትጨመራለች፤ ቀድማ ከገባች መዓዛዋ ይጠፋል። አልኮል የማይቀምሰውን ደንበኛ ስለምታርቅ ግን ጠርሙሱ ላይ በግልጽ ልትጻፍ፣ ያለ ሊኬር የተሠራውም ለብቻው ሊቀርብ ይገባል።