ፍየል ያስሸጠው መልእክት

ወይዘሮዋ የጋዝጊብላ ገጠር ነዋሪ ናቸው። ልጃቸው በወረዳው ከተማ በአስከተማ ቤት ተከራይታ ስለምትማር እንጀራና ሽሮ ተሸክመው በእግር ይመላለሳሉ። አፋቸውን የፈቱት በኽምጥኛ ነው። አማርኛ ይሰማሉ፤ ፊደል ግን አልቆጠሩም። ልጅቱ «መምህራን መልመጃ በቴሌግራም ይልካሉ» ብትላቸው ስልክ ገዙላት። አሥራ ሁለተኛ ክፍል ደርሳ ፈተናው ሲቃረብ ደግሞ «ለመጽሐፍ» ብላ ብር ጠየቀች፤ አንዲት ፍየል ሸጠው ሰጡ።

ብሩ መጽሐፍ አልተገዛበትም። የማትሪክን መልስ አስቀድሜ እሰጣለሁ ላለ፣ ፊቱም ስሙም ላልታወቀ ሰው በስልክ ተላከ። መልሱ አልመጣም፤ ሰውየውም ጠፋ።

ውድ አንባቢያችን፣ በልጅቱ ለመፍረድ አንቸኩል። በግንቦት 2008 ዓ.ም. የአሥራ ሁለተኛ ክፍል ፈተና እውነትም አስቀድሞ ወጥቶ በማኅበራዊ መገናኛ ተሠራጭቷል። ፈተናው ተሠርዞ ከ250 ሺህ በላይ ተማሪዎች በሐምሌ ወር እንደ አዲስ ተፈትነዋል። በ2015 ዓ.ም. ደግሞ ተፈታኞች ዩኒቨርሲቲ ገብተው መፈተን ሲጀምሩ፣ በመጀመሪያው ዙር ከግማሽ በላይ ውጤት ያገኙት 3.3 በመቶ ብቻ ነበሩ። ይህን የሰማች የገጠር ልጅ ብትደነግጥ ምን ይገርማል? አታላዩም የሚነግደው በዚሁ ድንጋጤ ነው።

የማታለያው ዘዴ እንዲህ ነው። የቴሌግራም ቻናል ባለቤት የለጠፈውን ጽሑፍ ቆይቶ ሊለውጠው ይችላል። ስለዚህ ከፈተናው ቀን በፊት አንድ የማይረባ መልእክት ይለጥፋል። ፈተናው ተሰጥቶ ጥያቄዎቹ ሲታወቁ ያንኑ መልእክት አጥፍቶ በቦታው መልሱን ይጽፋል። መልእክቱ ግን የተለጠፈበትን የቀድሞ ቀን እንደያዘ ይቀራል። የሚቀጥለው ዓመት ተፈታኝ ያንን ሲያይ «አምና አስቀድሞ አውጥቶ ነበር» ብሎ ያምናል፤ ይከፍላልም። ሌባው ግን አንድ ነገር መደበቅ አይችልም፤ ከሰዓቱ ጎን በእንግሊዝኛ «ኤዲትድ»፣ ማለትም «ታርሟል» የምትል ደቃቅ ቃል ትቀራለች።

ይህን ማወቅ የልጆች ፋንታ ብቻ አይደለም። በከተማ የምንኖር ሠራተኛ እናቶች ለልጅ ስልክ ገዝተን ስንሰጥ ግዴታችንን የተወጣን ይመስለናል። ማታ ደክሞን ስንገባ «አጠናሽ?» እንላለን እንጂ «ይህን የላከልሽ ማነው? እስኪ አሳዪኝ» ስንል አንሰማም። (እኔም ከነዚሁ እናቶች አንዷ ነኝ።) ግቢያችን ውስጥ የተከራየች የሰው ልጅ ካለችማ ጥያቄው ጨርሶ አይነሣም፤ እናቷ ሩቅ ናት።

የአስከተማዋ አከራይ ግን ጠየቀች። ልጅቱ ስታለቅስ ሰምታ፣ ስልኩን ተቀብላ፣ የሆነውን ሁሉ አወጣጣች። እናት ስንቅ ይዘው በመጡ ጊዜም ሦስቱ መደብ ላይ ተቀምጠው የዚያን ሰው ቻናል አብረው አዩ። ወይዘሮዋ ማንበብ ስለማይችሉ አከራይዋ ያችን ደቃቅ ቃል በጣቷ እያመለከተች ከአንዱ መልእክት ወደ ሌላው አሳየቻቸው። በአራተኛው ላይ አልጠበቋትም፤ ራሳቸው ጣታቸውን አሳረፉባት።

«ይህችማ» አሉ፣ «የፍየል ጆሮ ምልክት ማለት ናት። የኔን መንጋ ከሰው መንጋ የምለየው በምን ሆነና!»

ልጅቱ ዘንድሮ በድጋሚ ለመፈተን እየተዘጋጀች ነው። እናትም በመጡ ቁጥር ስልኩን ተቀብለው ምልክቷን ይፈልጋሉ።